እጅጌ

አራዳ ገበያ፣ ከጨርቅ ተራ ግርጌ፣
ስሰፋ እውላለሁ ኮሌታና እጅጌ።
እትዬ አስረበብ መጣች ማክሰኞ ለት፣
አፍንጫዋን ሸፍና በነጠላ ጥለት፤
ሁለት ዙር ጠምጥማ፣ ዓይኗ ብቻ ቀርቶ፣
ድምጿ ከጨርቁ ሥር ታፍኖ ተሰምቶ።

"ሰማህ ወይ አዛናው የግቢያችንን ጉድ?
የከባድ መኪና ረዳት፣ ያ ቀጭኑ ወንድ፣
ከመተማ ሲመጣ ትኩሳት ይዞት፣
ፊቱን እጁን ሁሉ ውሃ ቋጥሮበት!
የዝንጀሮ ፈንጣጣ ነው አሉ ሐኪሞች፣
ነፋስ ያመጣዋል ይላሉ ጎረቤቶች።
እስኪድን ከቤቱ እንዲቆይ ታዟል፤
የኛም መስኮት ሁሉ በሚስማር ተመቷል።"

ይህን ሁሉ ስትል፣ ከደረቷ ለጥፋ፣
እንደ አራስ ልጅ አድርጋ አቅፋ፣
የያዘችው ነገር ጃኬት ነበረ፣
ዚፑ የወለቀ፣ እጅጌው የተተረተረ።
"ይህስ የማን ነው?"
"የሱ ነዋ፣ የማን! የሁለት ወር ኪራይ
አለበት፤ ጠግነህ ልባሽ ተራ ይታይ።"

አፏ ተሸፍኗል፤ እጇ ግን ባዶ ነው።
ነፋስ የምትፈራ፣ ጨርቅ የታቀፈች ሰው።

ሲስተር ትጓደድን፣ ጋውኗን ልታሳጥፍ
ስትመጣ ጠየቅኋት፦ "በአየር ነው የሚያልፍ?"
አዎ ብላ አልቸኮለች፣ የለም ብላም አልማለች፤
የመርፌ ትራሴን ጥቂት እያየች፦
"ቆዳ ለቆዳ ነው ዋናው መንገዱ፣
አንሶላና ፎጣ፣ ልብስም ነው ዘመዱ።
ፊት ለፊት ተጠግቶ ረጅም ሰዓት ተቀምጦ
ለሚያወጋ ሰው ግን፣ ትንፋሽም አምልጦ
ሊያሰጋ ይችላል። አጥር ዘሎ፣ እንደ አቧራ
ቅያስ ለቅያስ ሲበር፣ ከሰፈር ሰፈር ሲዘራ
አላየንም፣ እስካሁን።"

ያቺን "እስካሁን"ን ወደድኳት፣ እውነቱን፤
ሳይለካ የሚቆርጥ ያበላሻል ጨርቁን።

ለእትዬ አስረበብ ሳሙና ላክሁላት።
እኔም ፌስታል በእጄ አጥልቄ፣ ጃኬቱን በዱላ
አንስቼ፣ በርሜል ውስጥ፣ ውሃው እስኪፈላ፣
ኦሞ ጨምሬበት ቀቅዬ ሳበቃ፣
ከጀርባ ካለው ገመድ ሰቀልኩት ለጠራራ ጨረቃ —
ለፀሐይ ማለቴ ነው፤ ቤት ሊመታልኝ ብዬ።

ከአንገረብ በኩል ነፋሱ ሲነሣ፣
እጅጌው ተነፋ፣ ክንዱን አነሣ፤
ሰው የሌለው ጃኬት "ደህና ዋሉ" ሲል፣
ከመንገዱ ማዶ ሰው ሲሸሽ፣ ሲገለል።

የታጠበውን ሸሹት። ያልታጠበውን ግን
ማክሰኞ በገበያው መሀል አቅፋው ስታልፍ
ማንም ዞር አላለም።

ስፌቱን ጨርሼ፣ ማታ ወደ ግቢው ሄድኩ፣
በልብስ ሜትሬ ከመስኮቱ ለካሁ፤
ሁለት ሜትር ላይ ድንጋይ አስቀመጥኩ።
(ሲስተር አላዘዘችም፤ ልኩ የራሴ ነው፣
ሰፊ ያለ ሜትር ምን ያስቀምጠዋል?)

"እሱባለው!" ብዬ፣ በካርቶኑ ቀዳዳ፣
ተጣራሁ። አልጋ ሲጥጥ አለ ከጨለማው ጓዳ።
"ማነህ?"
"ልብስ ሰፊው።"
"አትጠጋ፤ በአየር ነው ይላሉ።"
"ይበሉ።
ጃኬትህ ልባሽ ተራ አልሄደም። ታጥቧል፤
እጅጌው ተሰፍቷል።"
ሳቀ። አምስት ቀን ያልተሳቀ ሳቅ፣
መጀመሪያ ሳል መሰለኝ፤ ወደ ኋላ ልል ስል፣
ድንጋዩ ላይ መልሼ ተቀመጥኩ።

ከጎን ያለው መስኮት፣ የእትዬ አስረበብ፣
አየር እንዳይገባ የተመታው በሚስማር፣
በጣት ስፋት ያህል ገርበብ አለ፣ ቀስ ብሎ፤
ወሬ ሊሰማ ነው። አየሩም ገባ አብሮ።

"ዚፑስ ምን ቀለም ነው?"
"ጥቁር አላገኘሁም። ቡናማ ነው፣ እስካሁን።"
ዝም አለ ጥቂት። ከዚያ፦
"ይሁን።"